ትናንትን የሚይዝ ድንጋይ ፍለጋ

ሦስት ትውልድ፣ ሦስት ቀን፣ ላሊበላ

ልጄ አሥር ዓመቷ ነው። ባለፈው ክረምት፣ ትምህርት ቤት በተዘጋ ሰሞን፣ አንድ ባለ ሃምሳ ሉክ ደብተር ይዛ፣ ማንም እንዳያይባት በእጇ እየከለለች መጻፍ ጀመረች። ከሁለት ሳምንት በኋላ ምሥጢሩ ከበዳት መሰለኝ፣ ማታ ማታ ታነብልኝ ገባች። «ኦሪማ» የምትባል አገር ፈጥራለች። የኦሪማ ሰዎች ቤታቸውን የሚሠሩት «ትናንቴ» በሚሉት ድንጋይ ነው። ትናንቴ ጊዜን እንደ ነጠላ ያጥፋል። መዳፍዎን ግድግዳው ላይ ቢያሳርፉ በዚያ ቤት ውስጥ ካለፉት ቀናት የፈለጉት ተመልሶ ይመጣል። የዚያን ቀን ቡና ይሸታል፤ የሞተ ሰው ወንበሩ ላይ ተቀምጦ ይገኛል።

«ከየት አመጣሽው?» አልኳት።

«ዝም ብዬ አሰብኩት» አለችኝ።

እኔ ግን ከየት እንደመጣ አውቄዋለሁ። ከዚያ ክረምት ጥቂት ወራት ቀደም ብሎ የእናቴ ቤት ፈርሶ ነበር።

ቤቱ የጭቃ ቤት ነበር። እናትና አባቴ በተጋቡ በሁለተኛው ዓመት ያቆሙት፣ እኔና ወንድሞቼ የተወለድንበት፣ ልጄም ከትምህርት ቤት መልስ እኔ ከሥራ እስክመጣ የምትቆይበት ቤት። ሰፈሩ ለልማት ሲነሣ እናቴ ኮንዶሚኒየም አራተኛ ፎቅ ላይ ገባች። ቤቱ ሰፊ ነው፤ ውኃና መብራት አለው፤ አታማርርም። ቤቱ በፈረሰ ዕለት ልጄ ከፍርስራሹ የቡጢ ያህል የግድግዳ ቁራጭ አንሥታ ነበር። ጭዱ የሚታይ፣ በአንድ በኩሉ ሰማያዊ ቀለም ያለው። በፌስታል ጠቅልላ መሳቢያዋ ውስጥ አስቀመጠችው። ወር ሳይሞላው ግን እየተፈረካከሰ ዱቄት ሆነ። ትናንቴ የተፈጠረው ያን ዱቄት ካየች በኋላ ነው።

አንድ ማታ ደብተሯን አጥፋ «ማሚ፣ የእውነት ትናንቴ የለም አይደል?» ስትለኝ «የለም» ማለት ከበደኝ። የመጣልኝ ላሊበላ ነበር። እናቴ ደግሞ ከልጅነቷ ጀምሮ «ሳልሞት ላሊበላን ባየሁ» የምትል ሴት ናት። በጥር መጨረሻ፣ የግማሽ ዓመቱ ፈተና አልቆ ትምህርት ቤት ዕረፍት ሲሰጥ፣ ሦስታችንም ተነሣን።

ከላይ ወደ ታች የተሠራ ከተማ

ከአዲስ አበባ አንድ ሰዓት ገደማ የሚወስድ በረራ ነው። ከአውሮፕላን ማረፊያው ወደ ከተማው የሚያወጣው መንገድ ጠመዝማዛ ስለሆነ እናቴ የመኪናውን እጀታ አልለቅም አለች። ላሊበላ ከባሕር ወለል በላይ 2,500 ሜትር ገደማ ላይ፣ ከአቡነ ዮሴፍ ተራራ ግርጌ የተቀመጠች የላስታ ከተማ ናት። የጥንት ስሟ ሮሃ ነው። ዛሬ የምትጠራበትን ስም ያገኘችው በ12ኛው ክፍለ ዘመን መጨረሻና በ13ኛው መጀመሪያ ከነገሠው የዛጉዌ ንጉሥ ነው።

ልጄ ከሩቅ ትልልቅ ሕንፃ ስትፈልግ ነበር። «የት አሉ?» ትላለች። አስጎብኚያችን፣ የዚያው ከተማ ተወላጅ የሆነ ወጣት፣ ሳቀ። «እዚህ አገር ቤተ ክርስቲያን ለማየት ቀና አይባልም፤ ዝቅ ነው የሚባለው» አላት።

እውነቱን ነው። ሌላው ዓለም ቤት ሲሠራ ድንጋይ ከድንጋይ ላይ ይደረድራል። የላሊበላ ጠራቢዎች የቆሙት ተራራው አናት ላይ ነበር። መጀመሪያ ዙሪያውን ጥልቅ ቦይ ቆፍረው መሐሉ ላይ አንድ ግዙፍ አለት ያስቀራሉ። ከዚያ ጣሪያውን ይጠርባሉ፣ ወደ መስኮቱ ይወርዳሉ፣ በበሩ ገብተው ውስጡን ይፈለፍላሉ፤ ዓምዱን፣ ቅስቱንና መቅደሱን ከዚያው አለት ያወጣሉ። መሠረት የሚጣለው መጨረሻ ላይ ነው ማለት ይቻላል። አንድ ጊዜ በስህተት የተጠረበ ዓምድ ደግሞ ተመልሶ አይቀጠልም።

ዐሥራ አንዱ አብያተ ክርስቲያናት በሁለት ወገን ተከፍለው የተቀመጡ ሲሆን፣ ቤተ ጊዮርጊስ ብቻ ከሁሉም ፈንጠር ብሎ ይገኛል። ዩኔስኮ በዓለም ቅርስነት የመዘገባቸው እ.ኤ.አ. በ1978፣ መዝገቡ ገና በተከፈተበት የመጀመሪያ ዓመት ነው። በ1520ዎቹ እዚህ የደረሰው ፖርቱጋላዊ ቄስ ፍራንሲስኮ አልቫሬዝ ያየውን ሲጽፍ፣ አንባቢዎቹ ውሸታም ይሉኛል ብሎ ሰግቶ እውነት መሆኑን እስከ መማል ደርሷል።

የመጀመሪያው ቀን ከሰዓት በኋላ ከቤተ መድኃኔ ዓለም ጀመርን። ርዝመቱ ከ33 ሜትር ያልፋል፤ ከአንድ አለት ከተጠረቡት ሁሉ ትልቁ ነው። እናቴ ጫማዋን አውልቃ ደፉን ተሳለመችና ወደ ውስጥ ገባች። ልጄ ግን በውጭ ያሉትን ዓምዶች እየዞረች መዳፏን ታሳርፋለች። ምን እየሞከረች እንደሆነ ገባኝ፤ አልተናገርኩም።

«ማሚ፣ እነዚህ መስመር አላቸው» አለችኝ ጥቂት ቆይታ። ልክ ናት። በውጭ ሕንፃውን ከከበቡት ዓምዶች ብዙዎቹ በዘመናት ብዛት ወድቀው፣ ኋላ በጥርብ ድንጋይ ተሠርተው የተተኩ ናቸው። ዋናው አለት መጋጠሚያ የለውም፤ የተተካው መጋጠሚያው ይታያል። ፊቷ ቅር አለው። የማያልቅ ድንጋይ ፍለጋ መጥታ የወደቀ ድንጋይ አገኘች።

የተሸፈነው ዓምድ

ቤተ ማርያም ከቤተ መድኃኔ ዓለም ቀጥሎ ነው። ግቢው ውስጥ የጥምቀት ገንዳ አለ፤ ልጅ አጥተው የተቸገሩ ሴቶች በገና በዓል በገመድ ተይዘው ይጠመቁበታል። በገና ካህናቱ ግማሾቹ ከታች በግቢው፣ ግማሾቹ ከላይ በአለቱ ጫፍ ቆመው «ቤዛ ኩሉ» የሚሉት እዚህ ነው። እኛ የሄድነው በዓሉ ካለፈ በኋላ ስለነበር ግቢው ጸጥ ብሏል። በጥግ በኩል አንዲት አሮጊት መቁጠሪያ ይዘው ተቀምጠዋል።

ውስጡ ከሁሉም የበለጠ ያጌጠ ነው። ቅስቶቹና ጣሪያው በሥዕልና በሐረግ ተሞልተዋል። በመሐል አንድ ዓምድ ከላይ እስከ ታች በጨርቅ ተጠቅልሎ ቆሟል። አምደ ብርሃን ይባላል። አስጎብኚያችን ድምፁን ዝቅ አድርጎ ትውፊቱን ነገረን፤ ዓለም ከተፈጠረ ጀምሮ ያለፈው፣ እስከ ፍጻሜውም የሚመጣው ነገር ሁሉ በዚህ ዓምድ ላይ ተጽፏል ይባላል። ከብዙ ዘመን ወዲህ ሸፈኑ አልተገለጠም።

ልጄ ክንዴን ጨመቀችኝ። «ማሚ፣ ትናንቴ!» አለች በሹክሹክታ።

በዚያ ሰዓት ያገለግሉ የነበሩት ቄስ ሰምተዋት ኖሮ «ምን አለች?» ብለው ጠየቁ። አፈር ብላ ነገረቻቸው፤ ስለ ኦሪማ፣ ስለ ድንጋዩ፣ መዳፍ ሲያርፍበት ስለሚመለሰው ቀን። አልሳቁባትም። አድምጠው ሲጨርሱ «ልጄ» አሏት፣ «ያለፈውን ሁሉ የሚያሳይ ድንጋይ ቢኖርሽ፣ ከዚያ ድንጋይ ሥር መች ትነሺ ነበር? እኛ የምናውቀው መጻፉን ነው፤ ጠባቂ መሆናችንን ነው። ማንበቡ የእኛ ሥራ አይደለም።»

እናቴ «ይበል» አለችና ተሳለመች። ልጄ ደብተሯን አውጥታ አንድ ነገር ጻፈች፤ አላሳየችኝም።

በአንድ ሌሊት የተሠራው ቤት

በሁለተኛው ቀን ወደ ምሥራቁ ወገን ሄድን። ላሊበላ ላይ ስለ ጊዜ የሚነገረው ነገር ሁሉ የሚገርም ነው። ትውፊቱ እንደሚለው ሰዎች ቀን የጠረቡትን መላእክት ሌሊት እጥፍ አድርገው ያድሩ ነበር። ቤተ አባ ሊባኖስን ደግሞ የንጉሡ ባለቤት መስቀል ክብራ ከመላእክት ጋር በአንድ ሌሊት እንዳሠራችው ይነገራል። ይህ ቤተ ክርስቲያን ዙሪያው ተጠርቦ ሲለቀቅ ጣሪያው ግን ከተራራው ጋር እንደተያያዘ የቀረ ነው፤ ተራራ የተሸከመ ቤት ይመስላል።

የታሪክ ተመራማሪዎች በበኩላቸው ጊዜውን ወደ ሌላ አቅጣጫ ይስቡታል። እንግሊዛዊው የአርኪዮሎጂ ሊቅ ዴቪድ ፊሊፕሰን፣ ቤተ መርቆሬዎስና ቤተ ገብርኤል ወሩፋኤል መጀመሪያ ሲጠረቡ ለቤተ ክርስቲያን የታሰቡ አይመስሉም፣ ከንጉሡም ዘመን በብዙ ይቀድማሉ የሚል ሐሳብ አቅርበዋል። አንዱ ሌሊት ይላል፣ ሌላው ክፍለ ዘመናት። ልጄ ሁለቱንም ጻፈቻቸው።

ከአንዱ ወደ ሌላው የሚያሻግር ጨለማ ዋሻ አለ፤ የሲኦል ምሳሌ ነው ይሉታል። መብራት ሳይበራ በቀኝ እጅ ግድግዳውን እየዳሰሱ ያልፉበታል። እናቴ ከፊት፣ ልጄ ከመሐል፣ እኔ ከኋላ ሆነን ገባን። ጨለማው ዓይን ቢከፈትም ቢዘጋም ያው ነው። ግድግዳው ከእጅ ብዛት ለስልሶ እንደ ሸክላ ይንሸራተታል። «እምዬ፣ አለሽ?» ትላለች ልጄ። «አለሁ» ትላለች እናቴ። ሦስት አራት ጊዜ ተባባሉ። ብርሃኑ ሲመጣ ሁለቱም ሳቁ።

ቤተ አማኑኤል ሲደርሱ ቀና ብሎ ማየት ያስፈልጋል። የታየኝ ግን መጀመሪያ ሕንፃው አልነበረም። ከላይ የተዘረጋው ነጭ መጠለያ ነው፤ በረጃጅም የብረት ምሰሶዎች ላይ የቆመ ሰፊ ጣሪያ። እ.ኤ.አ. በ2008 በአውሮፓ ኅብረት ገንዘብ የተሠሩ እንዲህ ያሉ አራት መጠለያዎች አሉ። የተሠሩትም ለጊዜው ተብለው ነው።

ለምን አስፈለጉ? የላሊበላ አለት እሳተ ገሞራ የወለደው፣ ቀዳዳ የበዛበት ቀይ ድንጋይ ነው። ለመጠረብ የተመቸውም፣ ለጉዳት የተጋለጠውም በዚሁ ጠባዩ ነው። የክረምቱ ዝናብ ይሰርገዋል፤ የበጋው ፀሐይ ያደርቀዋል፤ የሌሊቱ ብርድ ያኮማትረዋል። ስንጥቁ ይሰፋል፤ በላዩም ሽበት ይበቅላል። ከዚህ በፊት ለማዳን የተደረገው ሙከራ ሁሉም አልተሳካም። በ20ኛው ክፍለ ዘመን አጋማሽ ውኃ እንዳያስገቡ ተብሎ ሬንጅ የተቀቡ ነበሩ። ሬንጁ እርጥበቱን ውስጥ አፍኖ ያዘው፤ ከ1960ዎቹ ማብቂያ ጀምሮ ጣልያናዊው ባለሙያ ሳንድሮ አንጀሊኒ ከመሩት ቡድን ጋር የመጡ ሠራተኞች ያን ቅብ እያነሡ ድንጋዩን እንደገና አስተነፈሱት።

መጠለያዎቹም ዝናቡን ቢከለክሉም ለከተማው ሰው ሌላ ስጋት ሆነዋል። ነፋስ ሲነሣ ብረቱ ይጮኻል፤ ቢወድቅስ የሚለው ፍርሃት በ2011 ዓ.ም. መጀመሪያ ሕዝቡን አደባባይ አስወጥቶ ነበር። በዚያው ዓመት መጋቢት የፈረንሳዩ ፕሬዚዳንት ኢማኑኤል ማክሮን መጥተው አገራቸው ቅርሱን በመጠበቅ እንደምታግዝ ቃል ገብተዋል። አስጎብኚያችን ይህን ሲያወራ ፊቱ አይጫወትም። «አባቴ ዲያቆን የነበረበት ነው፤ እኔም የተጠመቅኩበት ነው። ለቱሪስት ሙዚየም ነው፤ ለኛ ሰፈራችን ነው» አለ። ቀጥሎም በቤተ ክርስቲያናቱ ዙሪያ ቤት የነበራቸው ሰዎች ቅርሱን ለመጠበቅ ሲባል ወደ ሌላ ሰፈር እንዲሄዱ መደረጋቸውን ነገረን። እናቴ ይህን ስትሰማ ነጠላዋን አስተካክላ ዝም አለች።

ማምሻውን ቤተ ጊዮርጊስ ላይ ደረስን። መጠለያ የለውም። በመስቀል ቅርጽ ተጠርቦ 12 ሜትር ገደማ ወደ ታች የወረደ ነው። በጣሪያው ላይ አንዱ በሌላው ውስጥ የገባ ሦስት መስቀል ተቀርጿል፤ የዝናቡ ውኃ የሚወርድበት አሸንዳም ከዚያው ድንጋይ ወጥቷል። ከጫፉ ላይ ቆመን ቁልቁል ስናይ ፀሐይዋ ቀዩን ድንጋይ እንደ ፍም አድርጋው ነበር። ወደ ታች በሚያወርደው መንገድ የቅዱስ ጊዮርጊስ ፈረስ ኮቴ ነው የሚባል ምልክት አለ። ልጄ እጇን ከተተችበት። ምንም አልተመለሰም። ግን ከዚያ በኋላ ፊቷን ሳየው ቅር ያላት አትመስልም ነበር።

«ይሄም ያልቃል ማለት ነው?» አለችኝ ስንወጣ።

«ካልጠበቁት ያልቃል» አለቻት እናቴ፣ እኔን ቀድማ።

እንጨት የመሰለ ድንጋይ

ወደ ላሊበላ የምትሄዱ ከሆነ ሦስተኛውን ቀን ለይምርሐነ ክርስቶስ አስቀምጡ። በመኪና 40 ኪሎ ሜትር ገደማ ነው። ከመንገዱ ወርዳችሁ በጽድ ደን ውስጥ ሽቅብ ትወጣላችሁ። እናቴ እያረፈች፣ ልጄ ቀድማ እየሮጠች ተመልሳ እየጎተተቻት ወጣን።

ከላይ አንድ ትልቅ ዋሻ አፉን ከፍቷል። በዋሻው ውስጥ፣ ዝናብና ፀሐይ ሳይነካው፣ ቤተ ክርስቲያኑ ቆሟል። ያሠራው ከላሊበላ ቀድሞ የነገሠው የዛጉዌ ንጉሥ ይምርሐነ ክርስቶስ ነው። ይህኛው ከአለት አልተፈለፈለም፤ እንደ ማንኛውም ቤት ከታች ወደ ላይ ተሠርቷል። ግድግዳው በተራ ተራ ነው፤ አንድ ረድፍ ጥቁር እንጨት፣ አንድ ረድፍ በነጭ የተለሰነ ድንጋይ፣ እንደገና እንጨት፣ እንደገና ነጭ። አንዱ ረድፍ ትንሽ ወጣ፣ ሌላው ትንሽ ገባ ይላል። ከዋሻው ጨለማ ውስጥ ሲታይ እንደ ጥለት ነው።

እናቴ ከፊቱ ቆማ ለረጅም ጊዜ አየችው። ከዚያ ቀረብ ብላ፣ ሳትነካ፣ በጣቷ የእንጨቱን መስመር ተከተለችው።

«ይኼማ ማገር ነው» አለች።

አስጎብኚያችን ዓይኑ በራ። «እማማ፣ ልክ ነዎት!» ብሎ ማስረዳት ጀመረ። ይህ አሠራር ከአክሱም የመጣ ነው። የጥንት አክሱማውያን ድንጋይና እንጨት እያፈራረቁ ቤት ይሠሩ ነበር፤ ግድግዳውን አልፎ የሚወጣው የግንድ ጫፍ «የዝንጀሮ ራስ» ይባላል። በደብረ ዳሞ እስከ ዛሬ ይታያል። የአክሱም ትልልቅ ሐውልቶች ላይ ደግሞ በርና መስኮቱ፣ የግንዱም ጫፍ ሳይቀር፣ ከድንጋይ ተቀርጾ ይገኛል። «ትናንት ቤተ አማኑኤልን አይታችኋል አይደል? ግድግዳው አንዱ መስመር ገባ፣ አንዱ ወጣ ያለ ነው። የመስኮቱ ማዕዘን ላይ የእንጨት ጫፍ የመሰለ ነገር አለ። አንድ አለት ነው፤ እንጨት የሚባል የለበትም። ግን ጠራቢዎቹ የአባቶቻቸው ቤት እንዲህ ነበርና ድንጋዩን እንጨት አስመሰሉት።»

ልጄ አፏን ከፍታ ትሰማ ነበር። «ማለት፣ ድንጋዩ የእንጨት ቤቱን ያስታውሳል?» አለችው።

«ጠራቢዎቹ ናቸው ያስታወሱት» አላት። «ድንጋዩ ያስታወሱትን ነው የያዘላቸው።»

እስከዚያ ቀን ድረስ የእናቴን ቤት የማስበው በዕድሜው ነበር፤ አርባ ምናምን ዓመት፤ ከላሊበላ ጋር ሲነጻጸር ምንም። እዚያ ዋሻ ውስጥ ግን ሌላ ነገር ታየኝ። የአክሱም እንጨት ከብዙ ዘመን በፊት በስብሷል። አሠራሩ ግን ከእጅ ወደ እጅ እየተላለፈ እዚህ ዋሻ ደረሰ፤ ከዚህ ወደ ቤተ አማኑኤል አለት ገባ። እናቴም ባሕር ዛፍ ተክላ፣ ማገር መትታ፣ ጭቃ መርጋ ቤት የሠራች ሴት ስለሆነች አይታ አወቀችው። ዕውቀቱ የተገናኘው በእጇ ነው።

በመመለሻችን መንገድ እናቴ ስለ ቤቱ ማውራት ጀመረች። ከፈረሰ ወዲህ ስታወራ የሰማኋት የመጀመሪያ ጊዜ ነው። አባቴ እንጨቱን ከየት እንዳመጣው፣ ጎረቤቱ ሁሉ ተሰብስቦ ጭቃ እንደረገጠ፣ እሷ ነፍሰ ጡር ሆና ጠላ እንደጠመቀችላቸው። በየዓመቱ ዝናቡ ሲያባራ፣ እንቁጣጣሽ ሳይደርስ፣ ክረምቱ ያፈረሰውን እንደገና ትለስነው ነበር። «ያ ቤት አርባ ዓመት የቆመው ጠንካራ ሆኖ መስሏችኋል?» አለችን። «በየዓመቱ ስለሠራሁት ነው እንጂ።»

ልጄ ደብተሯን ጭኗ ላይ ዘርግታ መኪናው እያናወጣት ትጽፋለች። «እምዬ፣ ቀስ በይ። ጭቃው ስንት ቀን ይቦካል?»

«እንደ ጭቃው ነው። ሳምንትም ቢቆይ ይወዳል። በየቀኑ ውኃ ይጠጣል፣ ይረገጣል።»

«ጭዱ የምን ጭድ ነው?»

«የጤፍ ነው እንጂ! የጤፍ ጭድ ካልገባበት ይሰነጠቃል።»

አዲስ አበባ ከተመለስን በኋላ አንድ ማታ ልጄ አዲሱን ምዕራፍ አነበበችልኝ። የኦሪማ ሕግ ተቀይሯል። ትናንቴ ከእንግዲህ ዝም ብሎ አይሠራም። የቤቱ ሰዎች በየዓመቱ ካልለሰኑት ድንጋዩ ይረሳል። መለሰኑን የሚያውቁት ደግሞ አሮጊቶች ብቻ ናቸው፤ ልጆቹ ከእነሱ ካልተማሩ አገሪቱ ታልቃለች። ታሪኩ ገና አላለቀም፤ ልጆቹ ይማሩ አይማሩ አልወሰነችም።

ከዚያ ገጽ ቀጥሎ ግን ታሪክ ያልሆነ ነገር ተጽፏል። እናቴ እንደተናገረችው፣ በተራ ቁጥር፤ ምሶሶው ስንት ክንድ እንደሚቀበር፣ ማገሩ እንዴት እንደሚመታ፣ ጭቃው ስንት ቀን እንደሚቦካ፣ የመጀመሪያው ምርጊት ሳይደርቅ ሁለተኛው ለምን እንደማይደገም። ከታች በልጄ ጽሕፈት «ይህን የነገረችኝ እምዬ ናት» ይላል። ባለፈው እሑድ እናቴን ስንጠይቅ ደብተሩን አመጣችና ሁለቱ አራተኛ ፎቅ በረንዳ ላይ ተቀምጠው ማረም ጀመሩ። በአምስተኛው ቁጥር ላይ ስህተት ነበረበት።

ለመሄድ ካሰባችሁ

ጊዜው፦ ከመስከረም መጨረሻ እስከ የካቲት ሰማዩ ጥርት ያለ ነው። ገና ከሁሉም የደመቀ በዓል ሲሆን ሕዝቡ እጅግ ስለሚበዛ ማረፊያ ቀደም ብላችሁ ያዙ። ከሕፃናትና ከአዛውንት ጋር ከሆናችሁ ከበዓሉ በኋላ ያሉት ሳምንታት ይሻላሉ።

መንገዱ፦ በአውሮፕላን አንድ ሰዓት ገደማ ነው። በመኪና በደሴና በወልድያ በኩል ከ600 ኪሎ ሜትር በላይ ስለሆነ መሐል ላይ ማደር ያስፈልጋል። በቅርብ ዓመታት አካባቢው የጸጥታ ችግር ስላሳለፈ ከመነሣታችሁ በፊት ያለውን ሁኔታ በደንብ አጣሩ።

ልብስና ጫማ፦ በየቤተ ክርስቲያኑ ደጅ ጫማ ስለሚወለቅ በቀላሉ የሚወልቅ፣ ግን አለት ላይ የማያንሸራትት ጫማ አድርጉ። ወፍራም ካልሲ አትርሱ፤ ወለሉ ይቀዘቅዛል፣ ምንጣፉም ላይ ቁንጫ አይጠፋም። ነጠላ ያዙ። ማታ ማታ ይበርዳል።

ከልጆች ጋር፦ ቦዮቹ ጥልቅ ናቸው፤ ጫፋቸው ላይ አጥር የሌላቸው አሉና እጃቸውን አትልቀቁ። ዐሥራ አንዱንም በአንድ ቀን ለማየት አትጣደፉ። ጠዋት አንዱን ወገን፣ በማግስቱ ሌላውን፣ ቤተ ጊዮርጊስን ደግሞ ለማምሻ አድርጉት። ቤተ ጎልጎታ ሴቶች እንደማይገቡ ለሴት ልጆቻችሁ አስቀድማችሁ ንገሯቸው።

ከአዛውንት ጋር፦ ከፍታው ትንፋሽ ያሳጥራል። የመጀመሪያውን ግማሽ ቀን ለዕረፍት ስጡት። ይምርሐነ ክርስቶስ ሽቅብ ስለሆነ ምርኩዝና ውኃ ያዙ፤ ጊዜ ውሰዱ። ባያሰቡት ቦታ ቆመው ማውራት ከጀመሩ ደግሞ አታቋርጧቸው።